የመተንፈሻ ቱቦ፦ ጥቅሙ፣ አደጋውና የታማሚ ቤተሰብ ድርሻ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን!

ሕሙማንን መጠየቅ ጌታችን በፍርድ ቀን ከሚጠይቀን ምግባራት አንዱ ነውና ካህናት አባቶችን ተከትለን ወደ ሆስፒታል በሄድን ቁጥር በጽኑ ሕሙማን ክፍል በር ላይ ተቀምጠው የሚጨነቁ ቤተሰቦችን እናገኛለን። ከጥቂት ጊዜ በፊት ለአንዲት እናት ጸሎት እንዲያደርሱ ከተጠሩ የንስሓ አባት ጋር ሄደን ነበር። እኚህ እናት በብርቱ የሳንባ ምች ተይዘው ትንፋሻቸው እያጠረ፣ ጉልበታቸውም እየደከመ መጥቷል። ሐኪሙ «ቱቦ ማስገባት ያስፈልጋል፤ ፈርሙልን» ብሎ ለልጆቻቸው ወረቀት ሰጥቷል። ታላቁ ልጅ ወረቀቱን እንደ ያዘ ወደ አባ ቀረበና «አባ፣ ቱቦ የገባበት ሰው አይመለስም ይላሉ። ብፈርም እናቴን በእጄ እንደ ገደልኳት አይቆጠርብኝም ወይ?» ሲል ጠየቀ።

አባም «ልጄ፣ እኔ የማውቀው ጸሎቱን ነው። ስለ ቱቦው የሚያውቀውን ሐኪሙን አብረን እንጠይቀው» ብለው እጁን ይዘውት ገቡ። ሐኪሙ ቱቦው ለምን እንደሚያስፈልግ፣ ምን አደጋ እንዳለው፣ ባይገባስ ምን እንደሚሆን በዝርዝር አስረዳ። ልጁም ፈረመ። የእኚህን እናት ነገር ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

ያ ጥያቄ የአንድ ልጅ ጥያቄ ብቻ አይደለም። በተለይም መጋቢት 4 ቀን 2012 ዓ.ም. የኮሮና ወረርሽኝ በአገራችን መገኘቱ ከተነገረ ወዲህ «ቬንትሌተር» የሚለው ቃል በየቤቱ የታወቀ፣ የሚፈራም ሆኗል። ፍርሃቱ ፈጽሞ መሠረት የለውም አንልም፤ ሕክምናው በእርግጥ አደጋ አለው። ነገር ግን አደጋውን በስሙ የሚያውቅና በጭምጭምታ ብቻ የሚፈራ ሰው አንድ ዓይነት ውሳኔ አይወስኑም። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ የመተንፈሻ ቱቦ ምን እንደ ሆነ፣ ሲገባ፣ በውስጥ ሲቆይና ከወጣ በኋላ ምን ሊያጋጥም እንደሚችል፣ በመጨረሻም ከእኛ ከምእመናን ምን እንደሚጠበቅ እንመለከታለን። ጽሑፉ ለጠቅላላ ዕውቀት የሚረዳ እንጂ በታማሚው አልጋ አጠገብ ያለውን ሐኪም የሚተካ አይደለም።

ቱቦው ምንድን ነው?

የምንተነፍሰው አየር በአፍና በአፍንጫ ገብቶ በማንቁርት በኩል ያልፍና በዋናው የአየር ቧንቧ ወደ ሁለቱ ሳንባዎች ይደርሳል። በማንቁርት ውስጥ ሁለት የድምፅ አውታሮች አሉ። ስንናገር ይርገበገባሉ፤ ስንውጥ ደግሞ ይዘጉና ምግብና ውኃ ወደ ሳንባ እንዳይገባ ይከላከላሉ። ባለሙያው ብርሃን ባለው መሣሪያ ምላስን ገለል አድርጎ እነዚህን አውታሮች ያያል፤ ለስላሳውን የፕላስቲክ ቱቦም በመካከላቸው አሳልፎ በአየር ቧንቧው ውስጥ ያስቀምጠዋል። ለአዋቂ ሰው የሚሆነው ቱቦ የውስጥ ስፋቱ አብዛኛውን ጊዜ ከ7 እስከ 8 ሚሊ ሜትር ነው። በጫፉ አካባቢ በአየር የሚነፋ ትንሽ ፊኛ አለው፤ ይህም አየር ወደ ውጭ እንዳያመልጥ፣ ምራቅም ወደ ሳንባ እንዳይወርድ ይረዳል። የውጭው ጫፍ ከመተንፈሻ ማሽን (ቬንትሌተር) ጋር ወይም በእጅ ከሚጨመቅ የአየር ከረጢት ጋር ይገናኛል።

ብዙ ቤተሰቦች ሦስት ነገሮችን ያምታታሉ። በአፍንጫ ቀዳዳ ላይ የሚደረገው ቀጭን የኦክስጅን መስመር የመተንፈሻ ቱቦ አይደለም። በአፍንጫ ገብቶ ወደ ሆድ የሚወርደው ቀጭን ቱቦም ምግብና መድኃኒት የሚሰጥበት እንጂ የሚተነፈስበት አይደለም። የመተንፈሻ ቱቦ የምንለው በማንቁርት አልፎ ወደ አየር ቧንቧ የሚገባውን ነው። ሐኪም «ቱቦ» ሲል የትኛውን ማለቱ እንደ ሆነ መጠየቅ ብዙ ድንጋጤን ያስቀራል።

ቱቦው የሚገባባቸው ምክንያቶች ብዙ ናቸው። ሙሉ ሰመመን በሚያስፈልገው ቀዶ ሕክምና ጊዜ ለተወሰኑ ሰዓታት ይገባል፤ ቀዶ ሕክምናው ሲያልቅ አብዛኛውን ጊዜ እዚያው ይወጣል። በከባድ የሳንባ ምች ወይም አስም መተንፈስ ላቃተው፣ በመኪና አደጋ ወይም በጭንቅላት ደም መፍሰስ ራሱን ለሳተ፣ በመመረዝ ወይም በቃጠሎ የአየር መንገዱ ለተዘጋበት ደግሞ በድንገት ይገባል። እነዚህን ሁለት ሁኔታዎች ለይቶ ማየት ያስፈልጋል፤ የአደጋው መጠን የሚለያየው በዚህ ነውና።

ይህ ሕክምና ዛሬ የተጀመረ አይደለም። ዊልያም ማክዌን የተባለ የግላስጎው ቀዶ ሐኪም በ1878 እ.ኤ.አ. የምላሱ ሥር ለታመመ ሰው ቱቦ በአፉ አስገብቶ በቱቦው በኩል ሰመመን እንዲሰጠው አድርጓል። በ1952 እ.ኤ.አ. ደግሞ በዴንማርክ ዋና ከተማ በኮፐንሃገን የፖሊዮ ወረርሽኝ ተነሥቶ የብዙዎችን የመተንፈሻ ጡንቻ አሰነፈ። ማሽኑ ለሁሉም አልበቃ ሲል ቢዮርን ኢብሰን የተባለ የሰመመን ሐኪም በአንገት በኩል ቱቦ ማስገባትንና የአየር ከረጢት በእጅ መጭመቅን ሐሳብ አቀረበ። ወደ 1500 የሚጠጉ የሕክምና ተማሪዎችም በፈረቃ ሌሊትና ቀን እየተቀያየሩ ከረጢቱን ጨመቁ፤ ለታማሚዎቹ በእጃቸው ተነፈሱላቸው ማለት ይቻላል። ከዚያ በፊት ይሞቱ ከነበሩት ብዙዎቹ ተረፉ። የዛሬው የጽኑ ሕሙማን ክፍል ጅማሬም ከዚያ ይቆጠራል። ከዚህ የምንረዳው ቱቦው በሽታን የሚፈውስ መድኃኒት አለመሆኑን ነው። ሥራው ሌላ ነው፤ አካሉ እስኪበረታ፣ መድኃኒቱም ሥራውን እስኪሠራ ድረስ ጊዜ ይገዛል።

ቱቦው በሚገባበት ሰዓት የሚያጋጥሙ አደጋዎች

አንደኛው የኦክስጅን ማነስ ነው። ታማሚው ሕመም እንዳይሰማው የእንቅልፍ መድኃኒትና ጡንቻን የሚያፈታ መድኃኒት ይሰጠዋል። በዚህ ጊዜ የራሱ ትንፋሽ ይቆማል፤ ቱቦው እስኪገባም ሰውነቱ የሚኖረው አስቀድሞ በሳንባው በተጠራቀመው ኦክስጅን ነው። ጤነኛ ሳንባ ለጥቂት ደቂቃዎች ይበቃል፤ የታመመ ሳንባ ግን ቶሎ ይጨርሳል። አንጎል ኦክስጅን ካጣ ከአራትና ከአምስት ደቂቃ ወዲያ ሊጎዳ ስለሚችል ባለሙያዎች ቱቦውን ከማስገባታቸው በፊት በጭንብል ኦክስጅን አብዝተው ይሰጣሉ። አንድ ጊዜ ሞክረው ካልገባም ዳግመኛ ኦክስጅን ሰጥተው ይሞክራሉ።

ሁለተኛው ቱቦው ወደ ምግብ ቧንቧ መግባቱ ነው። ሁለቱ ቧንቧዎች ጎን ለጎን ናቸውና ይህ ልምድ ያለውንም ባለሙያ ሊያጋጥም ይችላል። ወዲያው ታውቆ ቢወጣ ጉዳቱ ትንሽ ነው። የሚገድለው ሳይታወቅ መቆየቱ ነው፤ አየሩ ወደ ሆድ እንጂ ወደ ሳንባ አይሄድምና። ስለዚህ ከቱቦው የሚወጣውን የተቃጠለ አየር (ካርቦን ዳይኦክሳይድ) በሚለካ መሣሪያ ያረጋግጣሉ። ደረትንና ሆድን በማዳመጥ፣ የደረትን መነሣትና መውረድም በማየት ይመረምራሉ።

ሦስተኛው ቱቦው አልፎ ጠልቆ መግባቱ ነው። ዋናው የአየር ቧንቧ ወደ ቀኝና ወደ ግራ ይከፈላል። የቀኙ ሰፋና ቀጥ ያለ ስለ ሆነ ጠልቆ የገባ ቱቦ ወደ ቀኝ ሳንባ ይሄዳል፤ የግራው ሳንባም አየር ያጣል። በቱቦው ላይ የሴንቲ ሜትር ምልክት ያለው፣ ከገባም በኋላ የደረት ራጅ የሚነሣው ለዚህ ነው።

አራተኛው በሆድ ያለው ምግብ ወይም ፈሳሽ ወደ ላይ ተመልሶ ወደ ሳንባ መግባቱ ነው። ሰመመን የተሰጠው ሰው የጉሮሮው መከላከያ ስለሚተኛ ያስመለሰውን መሳል አይችልም። የጨጓራ አሲድ ያለበት ፈሳሽ ሳንባን ያቃጥላል፤ ለከባድ የሳንባ ምችም ይዳርጋል። ከቀዶ ሕክምና በፊት «ምንም እንዳትቀምስ» የሚባለው ትእዛዝ ምክንያቱ ይኸው ነው።

አምስተኛው የደም ግፊት መውረድና የልብ ምት መዛባት ነው። የእንቅልፍ መድኃኒቱም፣ በማሽን መተንፈሱም የደም ግፊትን ሊያወርዱ ይችላሉ። አስቀድሞ በተቅማጥ፣ በደም መፍሰስ ወይም በደም መመረዝ የተዳከመ ሰው ልቡ እስከ መቆም ሊደርስ ይችላል።

ከእነዚህ ቀለል የሚለው የጥርስ፣ የከንፈርና የጉሮሮ ጉዳት ነው። መሣሪያው የላይኞቹን የፊት ጥርሶች ሊነካ ይችላል፤ የሚነቃነቅ ጥርስም ሊወልቅ ይችላል። አንዳንድ ጊዜም የድምፅ አውታር ሊጫር ይችላል።

አንዳንድ ሰው ቱቦ ለማስገባት አስቸጋሪ ነው። አንገቱ አጭርና ወፍራም የሆነ፣ አፉን በደንብ መክፈት የማይችል፣ የአንገት አጥንቱ የተጎዳ፣ ወይም እንቅርት ያለበት ሰው ከእነዚህ ነው። በተለይ እንቅርት በደጋው አገራችን የተለመደ ስለ ሆነ «ለብዙ ዓመት የኖረብኝ ነው» ተብሎ ሳይነገር ይታለፋል። ትልቅ እንቅርት ግን የአየር ቧንቧን ሊጫን ወይም ወደ ጎን ሊገፋ ይችላል። ተኝቶ ሲያንኮራፋ ትንፋሹ የሚቋረጥ ሰውም ይህን መናገር አለበት። ባለሙያው አስቀድሞ ካወቀ ይዘጋጃል፤ ሌላ መሣሪያና ተጨማሪ ሰው ያቀርባል።

ይህ ሁሉ ምን ያህል ጊዜ ያጋጥማል? በ2021 እ.ኤ.አ. የታተመ ጥናት በ29 አገሮች ቱቦ የገባላቸውን 2964 በጽኑ የታመሙ ሰዎች ተከታትሏል። ቱቦው ሲገባ ወይም ወዲያው ከገባ በኋላ ከመቶ 45 ያህሉ ቢያንስ አንድ ከባድ ችግር አጋጥሟቸዋል። ብዙውን ቁጥር የያዘው የደም ዝውውር መናጋት ሲሆን ከመቶ 43 ያህሉን አግኝቷል። የኦክስጅን እጅግ መውረድ ከመቶ 9 ያህሉን፣ የልብ መቆም ደግሞ ከመቶ 3 ያህሉን አጋጥሟል። ቁጥሩ ያስደነግጣል። ሆኖም ሁለት ነገር ልብ እንበል። አንደኛ፣ «ችግር አጋጠማቸው» ማለት «ሞቱ» ማለት አይደለም፤ አብዛኛው ችግር እዚያው የሚታከም ነው። ሁለተኛ፣ እነዚህ ሰዎች አስቀድመው በሞት አፋፍ የነበሩ ናቸው። ጤነኛ ሆኖ ለታቀደ ቀዶ ሕክምና የሚገባ ሰው አደጋው ከዚህ እጅግ ያነሰ ነው።

ቱቦው በውስጥ ሳለ

ቱቦው ከገባ ከሁለት ቀን በኋላ ከሚያሰጉት ነገሮች ዋነኛው አዲስ የሳንባ ምች ነው። ቱቦው የሳልን በር ከፍቶ ስለሚያቆየው የአፍና የጉሮሮ ተሐዋስያን በፊኛው ዙሪያ ወደ ሳንባ ይወርዳሉ። ይህን ለመከላከል የአልጋው ራስጌ ከ30 እስከ 45 ዲግሪ ከፍ ይደረጋል፤ የታማሚው አፍ ይጸዳል፤ ባለሙያዎችም በየቀኑ «ዛሬ ያለ ማሽን መተንፈስ ይችላል ወይ?» ብለው ይፈትናሉ። ጠያቂ እጁን ሳይታጠብ ታማሚውን መንካት የለበትም። ካህኑም፣ ዲያቆኑም፣ ቤተሰቡም በዚህ አንድ ናቸው። መስቀል ለማሳለም ስንቀርብ መስቀሉም ንጹሕ ይሁን።

ቱቦው በአክታ ሊደፈን፣ ሲገላበጡም ሊንሸራተት ይችላል። ነርሶች በቀጭን ቱቦ አክታውን የሚመጥጡት ለዚህ ነው። በዚያን ጊዜ ታማሚው ያስለዋል፣ ፊቱም ይቀላል፤ ይህን ያየ ቤተሰብ ሊደነግጥ አይገባም። ታማሚው ሲነቃ ቱቦውን በእጁ መንቀሉም የተለመደ አደጋ ነው። በዚህ ምክንያት አንዳንድ ጊዜ እጆቹ በጨርቅ ወደ አልጋው ይታሰራሉ። እናቱን ወይም አባቱን ታስረው ያየ ልጅ ልቡ ይሰበራል፤ «እንደ ወንጀለኛ አሰሯቸው» ብሎም ይቆጣል። ፈትቶ መሄድ ግን በደቂቃዎች ውስጥ ሕይወት ሊያሳጣ ይችላል። እጃቸውን ይዞ አጠገባቸው መቀመጥ ይሻላል፤ ይፈታ የሚለውን ግን ነርሷን መጠየቅ ነው።

ማሽኑ የሚገፋው አየር ከበዛ ሳንባን ሊጎዳ፣ አልፎ አልፎም ሳንባው ተቀድዶ አየር በደረት ውስጥ ሊጠራቀም ይችላል። የፊኛው ግፊት ከበዛ ደግሞ የአየር ቧንቧውን ግድግዳ ያቆስላል፤ ቁስሉ ሲጠግ ከሳምንታት በኋላ ቧንቧው ሊጠብ ይችላል። ቱቦው ለረጅም ጊዜ የሚያስፈልግ መስሎ ከታየ ሐኪሞች ከአንድ ወይም ከሁለት ሳምንት ገደማ በኋላ በአንገት ፊት ትንሽ ቀዳዳ አውጥተው አጭር ቱቦ ማስገባትን ሊያማክሩ ይችላሉ። ይህ «ተስፋ ቆረጡ» ማለት አይደለም። አፍና ማንቁርት ያርፋሉ፤ ታማሚውም ያነሰ የእንቅልፍ መድኃኒት ይበቃዋል።

ረጅም ጊዜ የተኛ ሰው ጡንቻው ይሰንፋል፤ መቃዠትና ቀንና ሌሊትን ማምታታትም ያጋጥመዋል። ቱቦው በድምፅ አውታሮች መካከል ስለሚያልፍ መናገር አይችልም፤ መስማት ግን ሊችል ይችላል። ስለዚህ በአጠገቡ ስለ ሞቱ፣ ስለ ገንዘቡ፣ ስለ ውርሱ አንነጋገር። በስሙ እንጥራው፤ ቀኑ ማን እንደ ሆነ፣ ማን እንደ ጠየቀው እንንገረው፤ ጸሎቱን በዝግታ በጆሮው አቅራቢያ እናድርስ።

ከወጣ በኋላ

ቱቦው ሲወጣ ጉሮሮ ይከረክራል፤ ድምፅ ይጎረንናል። ይህ በአብዛኛው በቀናት ውስጥ ይሻላል። ድምፁ ለሳምንታት ሳይመለስ ከቀረ ግን የአንገት በላይ ሐኪም ሊያየው ይገባል። ሲተነፍስ የሚያፏጭ ወይም የሚጮኽ ድምፅ ከተሰማ ጊዜ የሚሰጠው ነገር አይደለም፤ ወዲያው ባለሙያ መጥራት ያስፈልጋል። ከሆስፒታል ከወጣ ከሳምንታት በኋላ ደረጃ ሲወጣ ትንፋሽ የሚያጥረው ሰውም «አስሜ ነው» ብሎ ከመተው በፊት ቱቦ ገብቶለት እንደ ነበር ለሐኪሙ ይንገር።

ሁሉም የሚዘነጋው አደጋ ግን የመዋጥ ችግር ነው። ለቀናት በቱቦ ተይዞ የቆየ ማንቁርት ሲለቀቅ ወዲያው ሥራውን አይጀምርም። የተዋጠው ነገር ወደ ሳንባ ሊሄድ ይችላል፤ አንዳንድ ጊዜም ሳል እንኳ ሳያስከትል ይገባል።

አሁን ወደ መጀመሪያዋ እናት እንመለስ። ቱቦው በስድስተኛው ቀን ወጣላቸው። ቤተሰቡ በደስታ አለቀሰ። በዚያው ምሽት ታናሽ እኅታቸው ከጠበል ቦታ ያመጣችውን ጠበል በጠርሙስ ክዳን ሳይሆን በኩባያ አጠጣቻቸው። ምክንያቷ ፍቅርና እምነት ብቻ ነበር። እናት ተነፈጉ፤ አሳላቸው፤ ሌሊቱን ትኩሳት ተነሣ፤ ሳንባቸውም ዳግመኛ ታመመ። ሁለተኛ ቱቦ ሊገባላቸው ጥቂት ቀርቶ ነበር። በእግዚአብሔር ቸርነት፣ በሐኪሞቹም ትጋት ከሳምንታት በኋላ ወደ ቤታቸው ተመለሱ። እኅታቸው ግን «እኔ ነኝ የገደልኳት» እያለች ስታለቅስ ያየናት እስከ ዛሬ ከልባችን አልወጣም። አባ ያጽናኗት እንዲህ ብለው ነበር፦ «ልጄ፣ ጠበሉ አልበደለም፤ አንቺም በክፋት አላደረግሽውም። የጎደለው መጠየቅ ብቻ ነው።» ይህን ጽሑፍ ለማዘጋጀት የተነሣሣነውም ያች እኅት የገጠማት ሌላውን እንዳይገጥመው ነው።

«ቱቦ የገባበት አይመለስም» ለምን ይባላል?

ቱቦ ከገባላቸው ጽኑ ሕሙማን ብዙዎች እንደሚያርፉ እውነት ነው። ነገር ግን ቱቦው የሚገባው ሰው ሊሞት በተቃረበ ጊዜ ነውና ሞቱን ያመጣው በአብዛኛው በሽታው ነው። ቤተሰብ «እስቲ ነገ እንይ» እያለ ባዘገየ ቁጥር ታማሚው የመተንፈሻ ጡንቻው ይዝላል፣ ኦክስጅኑ ይወርዳል፣ ልቡ ይደክማል። በመጨረሻ በጭንቅ ሰዓት ሲገባለት ቀደም ብለን የዘረዘርናቸው አደጋዎች ሁሉ ይበረቱበታል። ሲያርፍም «ቱቦው ገደለው» ይባላል። የሚቀጥለው ቤተሰብም ይህን ሰምቶ ያዘገያል።

በአንጻሩ ቱቦ ሁልጊዜ ይጠቅማል ማለትም አይደለም። በሽታው ወደማይመለስበት ደረጃ በደረሰ ሰው ላይ ቱቦው የሞትን ጊዜ ከማራዘም በቀር የሚጨምረው ላይኖር ይችላል። እንዲህ ያለውን ውሳኔ ቤተሰብ ብቻውን መሸከም የለበትም። ሐኪሙን በግልጽ ጠይቆ፣ የንስሓ አባትን አማክሮ፣ ታማሚው ራሱ መናገር በሚችልበት ጊዜም ፈቃዱን ሰምቶ ሊወስን ይገባል። ከመፈረም በፊት እነዚህን መጠየቅ ነውር አይደለም፤ መብት ነው፦ ቱቦው ለምን አስፈለገ? ሌላ አማራጭ አለ ወይ? ባይገባ ምን ይሆናል? ለእርሱ በተለይ የሚያሰጋው ምንድን ነው? ስንት ቀን እንደሚቆይ ይገመታል? በውጭ አገር የምትኖሩ ምእመናንም ቋንቋው ካስቸገራችሁ ልጆቻችሁን አስተርጓሚ ከማድረግ ይልቅ ሆስፒታሉ አስተርጓሚ እንዲያቀርብ ጠይቁ። ልጅ የእናቱን ክፉ ዜና እንዲተረጉም ማድረግ ከባድ ሸክም ነው።

ከምእመናን ምን ይጠበቃል?

ቤተ ክርስቲያናችን ጸሎትንና ሕክምናን አታጣላም። ወንጌላዊው ቅዱስ ሉቃስ ሐኪም ነበር። ንጉሥ ሕዝቅያስ ወደ እግዚአብሔር አልቅሶ ከጸለየ በኋላ በቁስሉ ላይ የበለስ ጥፍጥፍ ተደርጎለት ድኗል። መጽሐፈ ሲራክም በምዕራፍ 38 ሐኪምን እንድናከብር፣ ስንታመምም እንድንጸልይ በአንድነት ያስተምራል። ይህን መሠረት አድርገን የሚከተሉትን እንጠንቀቅ።

1. ስለ ጾም እውነቱን እንናገር። ነርሷ «ጾመዋል?» ስትል የምትጠይቀው ምግብና መጠጥ ፈጽሞ አለመቅመሳችንን ነው። በዐቢይ ጾም የሰነበተ ምእመን ግን ሽሮ በልቶ ሳለ «አዎን፣ ጾመኛ ነኝ» ሊል ይችላል። ለሆድ ሽሮውም፣ ሥጋውም ምግብ ነው። በተለመደው አሠራር ከሰመመን በፊት ከቀላል ምግብ ቢያንስ 6 ሰዓት፣ ከንጹሕ ውኃ ቢያንስ 2 ሰዓት መራቅ ያስፈልጋል፤ ቅባት የበዛበት ምግብ ከዚያ የበለጠ ጊዜ ይፈልጋል። ሐኪሙ ያዘዘን ሰዓት ግን ከሁሉ ይቀድማል።

2. በቀዶ ሕክምናው ጠዋት የጠጣነውን ጠበል አንደብቅ። በእምነት ዓይን ጠበል ከተራ ውኃ የተለየ ነው። ሰመመን በተሰጠው ሰው ሆድ ውስጥ ግን ወደ ሳንባ ሊመለስ የሚችል ፈሳሽ ነው። የጠጣንበትን ሰዓትና መጠኑን እንናገር፤ ቀጠሮው ለጥቂት ሰዓት ቢገፋ ሕይወት አይጠፋም።

3. ቱቦ ለገባለት ወይም ገና ለወጣለት ሰው በአፉ ምንም አንስጥ። ጠበልም፣ ውኃም፣ አጥሚትም ነርስ ወይም ሐኪም ሳይፈቅድ አይሰጥ። በግንባርና በእጅ ላይ በንጹሕ ጨርቅ ጥቂት ማስነካት ይቻል እንደ ሆነ እንጠይቅ። እምነትም (አፈር) ቢሆን ከቱቦው፣ ከአፍና ከቁስል ይራቅ።

4. ንስሓና ቅዱስ ቁርባን አስቀድሞ ይሁን። መዋጥ የማይችል ወይም የሚያስመልስ ሕመምተኛ ቅዱስ ሥጋውንና ክቡር ደሙን እንዳይቀበል ካህናት የሚጠነቀቁት ለምሥጢሩ ክብር ነው። ቱቦ የገባለት ሰው መናገርም፣ መዋጥም አይችልም። ቀዶ ሕክምና የተቀጠረለት ምእመን ከቀጠሮው ቀናት ቀደም ብሎ የንስሓ አባቱን ያግኝ፤ ወደ ሰመመን ክፍል ሲገባ «ያልተናገርኩት አለ» የሚል ጭንቀት እንዳይከተለው።

5. ምሥጢረ ቀንዲልንና ጸሎቱን በሥርዓት እናስፈጽም። ካህኑ ሲመጡ አስቀድመን ከክፍሉ ኃላፊ ጋር ሰዓት እንስማማ። ኦክስጅን ባለበት ክፍል ጧፍ ማብራት፣ ዕጣን ማጤስ ፈጽሞ አይገባም፤ ኦክስጅን ትንሹን እሳት በቅጽበት ያቀጣጥላል። ቅባትም ከኦክስጅን ጭንብልና ከቱቦው አጠገብ መራቅ አለበት።

6. ማተብን፣ ጥርስንና ያለፈ ሕመምን እናስታውስ። በአንገት በኩል መርፌ የሚገባ ከሆነ ማተቡ ሳይቆረጥ ወደ እጅ አንጓ እንዲዛወር ቀድመን እንጠይቅ። ሰው ሠራሽ ጥርስ ይውለቅ፤ የሚነቃነቅ ጥርስ ይነገር። ከዚህ በፊት በሰመመን ጊዜ ያጋጠመ ችግር፣ አለርጂ፣ እንቅርት፣ አስም፣ የሚወሰድ የባህል መድኃኒትም ሳይቀር ይነገር።

ማጠቃለያ

ወረቀቱን ይዞ የቆመው ልጅ የጠየቀው ጥያቄ መልስ አለው። ተረድቶ፣ ጠይቆና ጸልዮ የፈረመ ልጅ እናቱን አልገደለም። እናት ብታርፍም እንኳ ልጁ የሚችለውን አድርጓል፤ ሕይወትና ሞት በእግዚአብሔር እጅ ናቸው። ቱቦው አደጋ አለው፤ አደጋው ግን ስም አለው፣ ምክንያት አለው፣ ከፊሉም መከላከያ አለው። ከመከላከያው ከፊሉ ደግሞ በእኛ እጅ ነው፦ እውነቱን መናገር፣ ሳያዘገዩ መጠየቅ፣ እጅን መታጠብ፣ ሳይፈቀድ አለማጠጣት። ይህን ማድረግ የእምነት ጉድለት አይደለም፤ ለወንድምና ለእኅት ከሚደረግ የፍቅር ሥራ አንዱ ነው።

በየሆስፒታሉ በጭንቅ ያሉትን ሁሉ የነፍስና የሥጋ መድኃኒት የሆነው አምላካችን በምሕረቱ ይጎብኝልን፤ ሌሊትና ቀን የሚያገለግሏቸውንም ባለሙያዎች ማስተዋልንና ብርታትን ይስጥልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።